ገብስም ግሉተን አለው

ሰላም ለሁላችሁ። ከግሉተን (ሊጥ እንዲለጠጥ ከሚያደርገው የእህል ፕሮቲን) ነፃ ዶናት ቤት ውስጥ ለመሥራት «ስንዴውን በገብስ ዱቄት ተኩት፤ ግሉተን ያለው ስንዴ ላይ ብቻ ነው» የሚል ምክር እየተደጋገመ ነው። ልክ አይደለም። ገብስም ሆርዲን የሚባል የግሉተን ዓይነት አለው።

ስህተቱ ከየት እንደመጣ ይገባኛል። የገብስ ሊጥ እንደ ስንዴ ስለማይለጠጥ ግሉተን የሌለው ይመስላል። በዚያ ላይ ወሎ ደጋ ላይ በሶና ቆሎ በልቶ ያደገ ሰው ገብስን እንዴት ይጠርጥር! ለጤነኛ ሰው ጣጣ የለውም። ሴሊያክ (ግሉተን ሲበላ አንጀት የሚጎዳበት ሕመም) ያለበት ልጅ ግን ከበላው፣ ሕመም ባይሰማው እንኳ አንጀቱ ይጎዳል።

ማጣራት የፈለገ የሴሊያክ ሕመምተኞች የአመጋገብ መመሪያን ይመልከት፤ ገብስ ከስንዴ እኩል ተከልክሏል። ሐኪምም መጠየቅ ይቻላል።

ጤፍ፣ ማሽላ፣ ሩዝና በቆሎ ግሉተን የላቸውም። የቆቦ ማሽላ ከነጭ ጤፍ ጋር ጥሩ ይሄዳል። እንዳይፈረፈር የተልባ ዱቄት በውሃ ዘፍዝፋችሁ ጨምሩበት፤ ሙልጭልጭ ብሎ ሊጡን ይይዘዋል። ወፍጮ ቤት ግን ከእናንተ እህል በፊት ምን እንደተፈጨ ጠይቁ። የስንዴ ቦምቦሊኖ የተጠበሰበት ዘይትም አይሆንም። ከላይ የሚፈሰው የስኳር ቅባት፣ ዱቄት እስካልገባበት ድረስ፣ ችግር የለውም።