የማሙሽ ጀግንነት በማን ይመዝገብ?

ባሕር ዳር ውስጥ አራስ ጥየቃ ግማሹ ገንፎ፣ ግማሹ ትንቢት ነው። ጠያቂው «እንኳን ማርያም ማረችሽ» ብሎ ይገባል፤ ገንፎውን በቅቤና በበርበሬ እያጣቀሰ ጥቂት ከጎረሰ በኋላ ዓይኑን ወደ ሕፃኑ ያዞራል። ከዚያ ወዲያ ክርስትና ያልተነሣው፣ ስም ያልወጣለት ማሙሽ ሙያው፣ ሹመቱና ሀብቱ ተወስኖለት ያድራል።

ዓባይ ማዶ ባለው ግቢያችን ግን ነገሩ ከትንቢት አልፎ ክርክር ሆኗል። የጎረቤቶቻችን ማሙሽ አባቱ ጎጃሜ፣ እናቱ ከሐይቁ ወዲያ የደንቢያ ልጅ ናት። ጣና ያን ያህል ውኃ በመካከል ዘርግቶ ሁለቱን ወገን በሰላም አኑሯል፤ የማሙሽ አልጋ ጠባብ ነውና አልቻለም።

ክርክሩ የተጀመረው በእጁ ጭብጥ ነው። የአባትየው አክስት አመልካች ጣታቸውን መዳፉ ላይ ቢያሳርፉ ማሙሽ ጥርቅም አድርጎ ያዛቸው። «የሥጋ ነገር! አክስቱን ለየ» አሉ፣ እንባ እየተናነቃቸው። የእናትየው እናት ምንም ሳይናገሩ የራሳቸውን ጣት በሌላኛው መዳፍ አኖሩ። ያንንም ያዘ። «እኔንማ ሆድ ውስጥ ሳለ ነው የለመደኝ፣ እትዬ» አሉ በትሕትና። ከዚያ በኋላ ሁለቱም እጃቸውን ቀድመው ማንሣት እንደ ሽንፈት ስለቆጠሩት ቡናው ፈልቶ ገነፈለ።

ማሙሽ መዳፉን የነካውን ሁሉ ይይዛል። የብርድ ልብስ ጫፍም፣ እስክሪብቶም ለእርሱ አንድ ናቸው። ሐኪሞች ሪፍሌክስ የሚሉት ይህን ነው፤ ነርቩ ራሱ ያዝዛል፣ ጡንቻው ይፈጽማል፣ የልጁን አሳብ የጠየቀ የለም። ሉዊስ ሮቢንሰን የተባለ እንግሊዛዊ ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1891 አራስ ሕፃናትን በከዘራ ላይ አንጠልጥሎ ቢሞክራቸው፣ አብዛኞቹ 10 ሰከንድና ከዚያም በላይ ክብደታቸውን ችለው ቆይተዋል። ከዘራው የማናቸውም አክስት አልነበረም። (ይህን ያነበባችሁ አያቶች ከዘራችሁን ከአልጋው አርቁልኝ።) ጭብጡ በአምስትና በስድስት ወር ገደማ ይለቅቃል፤ ልጁ ወድዶ መያዝ የሚጀምረውም በዚያው ሰሞን ነው። ታዲያ ይህን ለአክስትየው ማን ይንገራቸው? እኔ አልነገርኩም፤ ገንፎው ገና አላለቀም ነበር።

ቀጥሎ ጎራዴው መጣ። ማሙሽ በጀርባው ተኝቶ አንገቱን ወደ ቀኝ ሲያዞር ቀኝ ክንዱ ቀጥ ብሎ ይዘረጋል፣ ግራው ታጥፎ ወደ ራሱ ይነሣል። «በላይ ዘለቀ!» ብለው አክስትየው ብድግ አሉ። «ምነው እትዬ፣ ቴዎድሮስ እንጂ! ቋራ የት ሆነና?» አሉ እማማ፣ የእናትየው እናት። ባልየው በመካከል ተቀምጦ ቄጠማ ይቆጥራል። ነገሩ የአንገት መዞር ነው፤ ፊቱን ወደ ግራ ቢያዞሩት በግራ እጁ ይመዝዛል። አዞሩትም። መዘዘ። ለግራ እጅ ጀግና ግን ከሁለቱም ወገን ባለቤት አልተገኘለትም።

እንዲህ ሁሉን ሲሻሙ የቆዩ ሰዎች አንድ ነገር ብቻ በፍጹም አልፈልግም ተባባሉ። አንዲት ጠያቂ የሲኒ ማቅረቢያውን ከነሲኒው ጣለች። ማሙሽ ሁለት እጆቹን ወደ ጎን ወረወረ፣ ጣቶቹን በተነ፣ መልሶ ወደ ደረቱ ሰበሰበና ጮኸ። «በእኛ ዘር ደንጋጣ የለም» አሉ አክስትየው። «በእኛማ ከየት መጥቶ!» አሉ እማማ። ድንጋጤው ወላጅ አልባ ሆኖ ስለቀረ ለዓይን ተሰጠ፤ ከትራሱ ሥርም ቢላዋ ገባ።

ይህን እንቅስቃሴ እ.ኤ.አ. በ1918 በዝርዝር የጻፈው ኧርነስት ሞሮ የተባለ ኦስትሪያዊ የሕፃናት ሐኪም ነው። እርሱ የታየው ፍርሃት ብቻ አልነበረም፤ እናትን የማቀፍ ሙከራ ነው ብሎ ነበር። ከአራት እስከ ስድስት ወር ባለው ጊዜ ይጠፋል። ቢላዋውን ትቶ ሊታይ የሚገባው ሁለቱ እጆች እኩል መነሣታቸው ነው፤ አንዱ ከቀረ ሲወለድ ከአንገቱ ሥር ያለው አጥንት ተሰብሮ ወይም የክንዱ ነርቭ ተጎድቶ ሊሆን ይችላልና ወደ ጤና ተቋም መውሰድ ነው። የማሙሽ ሁለቱም ይነሣሉ፤ የተጎዳው ሲኒ ብቻ ነው።

ጉንጩን ሲነኩት አፉን ከፍቶ ወደ ነካው እጅ መዞሩም «ጡትሽ አልበቃውም» አሰኝቶ ነበር። አንዷ ለጋ ቅቤ፣ ሌላዋ የስኳር ውኃ አዘዙ። የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ ደርሳ «እስከ ስድስት ወር ጡት ብቻ» ብላ ሁሉንም ባታስቆም ኖሮ የልጁ ሆድ ሸማቾች ማኅበር ይሆን ነበር።

ትልቁ ጦርነት የእግሩ ነው። ብብቱን ይዘው እግሩን ፍራሹ ላይ ቢያስነኩት ማሙሽ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት እያለ ተራመደ። አባትየው በስልኩ ቀረጸና ለዘመድ ሁሉ ላከ፤ ከደብረ ማርቆስም ከጎርጎራም «ሯጩ እንዴት ነው?» የሚል ጥያቄ ዘነበ። ሁለት ወር ሲሞላው ግን እርምጃው ቀጥ አለ። ያን ጊዜ የጠያቂዎች ዝርዝር ወጥቶ የማን ዓይን እንደበላው በስም እየተጠራ ተመረመረ።

ተጠርጣሪው የማሙሽ ውፍረት ነበር። አሜሪካዊቷ የሕፃናት እድገት ተመራማሪ ኤስተር ቴለንና ባልደረቦቿ እ.ኤ.አ. በ1984 ባሳተሙት ጥናት፣ እርምጃውን እየተወ ያለ ሕፃን እግሩ ውኃ ውስጥ ሲገባ እርምጃው እንደሚበረታ አሳይተዋል። እግሩ በስብ ይከብዳል፣ ጡንቻው ገና አልደረሰበትም፤ ውኃው ክብደቱን ሲሸከምለት ይራመዳል። ይህን ተናግሬ ሳልጨርስ አክስትየው ነጠላቸውን አጣፉ። «በሉ ተነሡ፣ ጣና እንውሰደው!» ቢልሃርዝያውን፣ እምቦጩን፣ ብርዱን ጠቅሼ በስንት ልመና አስቀረኋቸው። እማማም ለመጀመሪያ ጊዜ ከእኔ ጋር ተስማሙ፤ ምክንያታቸው ግን ሌላ ነው። ልጁ የሚነከር ከሆነ በጎርጎራ በኩል ይሁን ባይ ናቸው።

አሁን የቀረው ፈገግታ ነው። በእንቅልፉ የሚያሳየውን መላእክት እያጫወቱት ነው ተብሎ ስለታለፈ ማንም አልተሻማበትም። ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ባለው ጊዜ የሚመጣው፣ ፊት አይቶ የሚፈገገው፣ ያ ነው እውነተኛው። ሁለቱ እመቤቶች ተራ ገብተው ፊታቸውን አስጠግተው፣ እየተንጫጩ ጠበቁት። ማሙሽ ኮስተር እንዳለ ከረመ። አንድ ቀን የመብራት ቆጣሪ የሚያነበው ሰውዬ መጣ፤ እናትየው ልጁን ታቅፋ በሩን ከፈተች፣ ሰውዬውም ጎንበስ ብሎ ምላሱን «ጧ» አደረገለት። ማሙሽ ድዱ እስኪታይ ሳቀለት።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አክስትየውና እማማ በየፊናቸው ያን ቆጣሪ አንባቢ ትውልዱ ከየት እንደሆነ እያጠያየቁ ነው።