ጠብ መንጃ ፈቃድ

ባለፈው ሳምንት ለቅሶ ቤት ሄጄ ታርሜ ተመለስኩ።

ለቅሶ ቤት ሰው ያለቅሳል፣ ንፍሮ ይዘግናል፣ ሲመሽ ካርታ ይጫወታል። መታረም ግን ለእኔ አዲስ ነው። ድንኳኑ ውስጥ፣ ጠረጴዛ ላይ፣ የሟቹ የወጣትነት ፎቶ በፍሬም ቆሟል። ጥቁርና ነጭ ነው። ጎፈሬውን ያበጠረ ጎረምሳ ምንሽሩን ትከሻው ላይ አንግቶ ካሜራውን እንደ ባለዕዳ ያፈጥበታል። ዝምታው ከበደኝ። አጠገቤ ለተቀመጡት ሰውዬ «ጠመንጃዋ እንዴት ታምራለች!» አልኳቸው። በቃ። ሌላ ክፉ ቃል አልወጣኝም።

ሰውየው የዘገኑትን ንፍሮ ወደ ሳህኑ መለሱ። ያኔውኑ መነሳት ነበረብኝ። ንፍሮ ከእጅ የሚመለሰው ለከባድ ነገር ብቻ ነው።

«ይቅርታ ወንድሜ፣ ጠመንጃ አይባልም» አሉኝ። «ትክክለኛው ጠብመንጃ ነው። ጠብ፤ መንጃ። ጠብ የሚነዳበት ማለት ነው። አባቶቻችን ዝም ብለው ስም አያወጡም።»

ፊት ለፊታችን የሟች ልጅ እያለቀሰች ነበር። በግራ በቀኝ ያሉት ሁለት ሰዎች ግን አንገታቸውን ነቀነቁ። «እውነትም! ጠብ መንጃ!» አሉ። አንደኛው ስልኩን አውጥቶ ማስታወሻ ያዘ። እኔ ደግሞ አፌ ውስጥ ያለው ሽምብራ አልዋጥ አለኝ።

እንደነዚህ ያሉትን ሰዎች ቃል ፈላጭ እላቸዋለሁ። እንጨት ፈላጭ ገንዘብ ተቀብሎ ይፈልጣል። ቃል ፈላጭ በነፃ ነው የሚፈልጠው፣ ያውም ሳይጠሩት። አንድ ቃል ከአፍህ ሲወጣ መሃሉን አይቶ መጥረቢያውን ያነሳል። ሁለት ቦታ ይሰነጥቀዋል፤ ከዚያ ሁለቱን ፍልጥ አጋጥሞ «አየህ?» ይልሃል። አየሁ። ፍልጥ አየሁ።

ነገሩን ለሰውየው እዚያው ማስረዳት ነበረብኝ። አላስረዳሁም። ለቅሶ ቤት ነው። ስለዚህ እናንተ ላይ ልወጣው ነው።

በአማርኛ ጠብ አይነዳም። ይጫራል። ይነሳል። ይከርራል። ሽማግሌ ከገባበት ይበርዳል። ጠብ ጫሪ የሚባል ሰው አለ፤ በየሰፈሩ ቢያንስ አንድ ይደርሰናል። ጠብ ነጂ የሚባል ሰው ግን ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? የሚነዳ በሬ ነው፣ አህያ ነው፣ ሚኒባስ ነው። አባቶቻችን እውነት ቁጭ ብለው ስም ያወጡለት ቢሆን ኖሮ መሣሪያው ዛሬ «ጠብ መጫሪያ» ይባል ነበር።

ደግሞስ መንጃ ከሆነ ፈቃዱስ? ሚኒባስ የሚነዳ መንጃ ፈቃድ ያወጣል። ጠብ የሚነዳውም ጠብ መንጃ ፈቃድ ሊያወጣ ነው ማለት ነው። የጽሑፍ ፈተና፣ የተግባር ፈተና፣ የዓይን ምርመራ። ጠብ ወደ ኋላ መንዳት የወደቀ በሚቀጥለው ወር ይመለሳል። እርግጥ ሕጉ አለ፤ አዋጅ ቁጥር 1177/2012። ስሙ ግን «የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ» ነው። ሕግ አርቃቂው ጠብ ውስጥ መግባት አልፈለገም።

«ጦር» ራሱ እኮ ትንሽ ጉድ አይደለም። ጦሩ ጦር ይዞ ጦር ሜዳ ሄደ። አንድ ቃል ነው፤ ሦስት ቦታ ተቀጥሮ ይሠራል። ደመወዝ ይጨመርልኝ ብሎ አያውቅም።

የ«ጠመንጃ»ን ዘር ልንገራችሁ። በቱርክኛ «ታባንጃ» የሚባል ቃል አለ፤ ሽጉጥ ማለት ነው። ዐረቡም ተቀብሎ «ጠበንጃ» ይለዋል። ትግርኛችንም ጠበንጃ ይላል። ጠብ የለበትም። መንጃ የለበትም። ከባሩዱ ጋር ባሕር ተሻግሮ የመጣ እንግዳ ነው። በ16ኛው መቶ ዘመን የግራኝ አሕመድ ጦርነት ሲካሄድ በአንድ ወገን ቱርክ ተኳሾች፣ በሌላው ወገን በ1541 እ.ኤ.አ. የገቡት 400 ገደማ ፖርቱጋሎች ባሩድ ያጨሱ ነበር። በ1557 እ.ኤ.አ. ደግሞ ቱርኮች ምጽዋን ያዙ። ጎረቤት ሆኑ ማለት ነው። ከጎረቤት ስኳር ብቻ አይደለም የሚበደረው።

እንግዲህ እንግዳው ቃል መጣ። የእኛ ጆሮ ደግሞ ቃል ባዶውን ሲመጣ አይወድም። «ጠበንጃ» ሲባል መጀመሪያው ላይ «ጠብ» ሰማ። ደስ አለው። መጨረሻው ላይ «መንጃ» የምትመስል ነገር ሰማ። ይበልጥ ደስ አለው። የጎደለችውን አንዲት «መ» ጣል አደረገና ሰፋው። ቱርኩን ነጠላ አልብሶ «የአገር ልጅ ነው» አለ። ሥራው ግሩም ነው፤ አልክድም። የልብስ ሰፊው ጥበብ ግን የሰውየውን የትውልድ ቦታ አይቀይርም።

ነፍጥም እንዲሁ ነው። ዐረቡ ነፍጥ የሚለው ለሚቀጣጠለው የመሬት ዘይት ነበር። ወደ እኛ ሲመጣ ጠመንጃ ሆነ። ከእሷ የተወለደው ሌላው ቃል ላይ አልደርስም። እሱ ራሱ ጥይት የጎረሰ ቃል ነው፤ ሳትነካውም ይተኩሳል።

የአገር ልጅ የሆነ የመሣሪያ ስም ከፈለጋችሁ ሽጉጥ አለላችሁ። ሸጎጠ፤ ሽጉጥ። የሚሸጎጥ ነገር። አለቀ። መፍለጥ አያስፈልገውም። ግልጽ ስለሆነ ግን ቃል ፈላጮች አይወዱትም። ማንም የሚያውቀውን ነገር ለቅሶ ቤት ማን ያስተምራል?

ከሁሉም የምወዳት ግን ውጅግራ ናት። የፈረንሳይ ጦር በ1874 እ.ኤ.አ. ግራ የተባለ መኮንን ያሻሻለውን ጠመንጃ ታጠቀ። ፈረንሳዩ «ፊዚ ግራ» ይለዋል፤ የግራ ጠመንጃ ማለቱ ነው። እኛ ዘንድ ሲደርስ ውጅግራ ሆነ። አሁን ይቺን ለቃል ፈላጭ ስጡት። «ውጅ» ምን እንደሆነ ይፈልግላታል፤ ከዚያ «ግራ የሚያጋባ» ይላችኋል። መትረየስም ፈረንሳይ ናት፤ «ሚትራየዝ»። አንድ ሰው ግን «መትሮ የሚጨርስ» ብሎ ሲተረጉማት በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ስናድር እንግሊዝ ነው፤ በ1860 ዓ.ም. መቅደላ ድረስ የመጣው ሠራዊት ይዞት የመጣ ጠመንጃ ነው። እሱን እስካሁን የፈለጠው አላየሁም። ሰውየው ይህን ካነበቡ ግን እስከ ነገ አይተርፍም።

መቅደላ ካልኩ አይቀር ሴባስቶፖልን ሳላነሳ አላልፍም። አፄ ቴዎድሮስ ደብረ ታቦር አጠገብ፣ ጋፋት ላይ፣ መድፍ አስቀለጡ። 7 ቶን ገደማ ይመዝናል ይባላል። ወራት ሙሉ በገደል በሸለቆ እየተጎተተ መቅደላ ወጣ። ስሙ ማን ነው? ሴባስቶፖል። ጥቁር ባሕር ዳር ያለች ከተማ፤ ከዚያ ጥቂት ዓመታት ቀደም ብሎ በክራይሚያ ጦርነት ስሟ የገነነ። እንግዲህ እዩልኝ። ከባሕር ማዶ የመጣውን ጠመንጃ የአማርኛ ስም አለበስነው። በገዛ አገራችን እሳት የቀለጠውን መድፍ የባሕር ማዶ ከተማ ስም ሰጠነው። ቅጂው አዲስ አበባ፣ ቴዎድሮስ አደባባይ ላይ አፉን ከፍቶ ቆሟል። ባለፍኩ ቁጥር ይቺን ነገር ሊነግረኝ የፈለገ ይመስለኛል።

ለምን እንዲህ እንደምንገበገብ ትጠይቁ ይሆናል። ቂም ስላለኝ ነው።

አምስተኛ ክፍል ነኝ። የቃል ጽሕፈት ነው። 10 ቃል። መምህሩ እየተንጎራደዱ ያነባሉ፤ እኛ እንጽፋለን። ሰባተኛው ላይ የተነበበውን «ጠመንጃ» ብዬ ጻፍኩ። ደብተሬ ሲመለስ 9 ከ10። በቀይ እስክሪብቶ፣ ወረቀቱ እስኪቀደድ፣ «ጠብመንጃ» ተብሎ ተጽፎበታል። አባቴ «አንዷን የት ጣልካት?» አለኝ። ዘጠኙን ማንም አላየልኝም። ክረምቱን ሙሉ ጠብመንጃ፣ ጠብመንጃ እያልኩ አደግኩ። ስድስተኛ ክፍል ሌላ መምህር መጡ። ያው ቃል መጣ። በኩራት «ጠብመንጃ» አልኩ። ምን የሆነ ይመስላችኋል? 9 ከ10። በቀይ፦ «ጠመንጃ»።

በአንድ መሣሪያ ሁለት ጊዜ የተመታ እኔ ብቻ ሳልሆን አልቀርም።

ከብዙ ዓመት በኋላ የአምስተኛ ክፍሉን መምህር የታክሲ ሰልፍ ላይ አገኘኋቸው። ጎንበስ ብዬ ሰላም አልኳቸው። ነገሩን እየሳቅኩ አነሳሁት። ምንም ትዝ አላላቸውም። «እኔ? ተወው ባክህ፣ እኔ ጠመንጃ ነው የምለው» አሉኝ። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም ማለት ይሄ ነው። ታክሲው መጣና እሳቸው ገቡ። እኔ ቦታ አላገኘሁም።

እና ለቅሶ ቤቱ ውስጥ ያረሙኝ ሰውዬ ሲናገሩ፣ እኔ የሰማሁት ያንን ቀይ እስክሪብቶ ነው።

ደግሞ ይቺን «ጠብ» የምትባል ቃል ሳነሳ የምወዳት አነጋገር አለች። ጠብ ያለሽ በዳቦ። ነገር ፈላጊን ሰው ለመንካት የሚባል ነው። አስቡት፣ ሰውየው እንደ ልዋጭ ነጋዴ በየበሩ ይዞራል። ዳቦውን በጉያው ይዞ «ጠብ ያለሽ!» ይላል። የምትሸጠው ሴትዮ ከጓሮ ብቅ ትላለች። «ስንት ዳቦ ትሰጣለህ?» «ጠቡ ትኩስ ነው?» ይከራከራሉ። ክርክሩ ራሱ ጠብ ይሆንና ዳቦው ይተርፋል። በዚያ ዘመን ቢያንስ ጠብ ዋጋ ነበረው። ዛሬ በነፃ ነው፣ ያውም አልጋህ ድረስ በስልክህ ይመጣልሃል። አንድ ሰው «ደህና አደራችሁ» ብሎ ይጽፋል። ሁለተኛው «አደራችሁ ወይስ ዐደራችሁ?» ይላል። እስከ ምሳ ሰዓት ድረስ ሰማንያ ሰው ይሰዳደባል። ማንም ግን ደህና ስለማደሩ አልመለሰም።

ቆይ፣ ስለ ምን ነበር የጀመርኩት? አዎ፣ ሰውየው።

አንድ ጥያቄ ግን ጠይቄያቸው ነበር፤ ይሄንን ሳልነግራችሁ። መቻል አቅቶኝ «ጋሼ፣ አፈሙዝስ?» አልኳቸው። ጠብ መንጃ ጠብ የሚነዳበት ከሆነ አፈሙዝ ምንድን ነው? አፍ አለ። ሙዝ አለ። ማነው ሙዙን የሚያጎርሰው?

ትንሽ አሰቡ። ወደ ፎቶው አዩ። የምንሽሩን አፈሙዝ ለረጅም ጊዜ አዩት። ከዚያ «እሱ ሌላ ነው» አሉኝ።

ሌላ ነው! እኔ ሃያ ዓመት ያብከነከነኝን ነገር በሦስት ፊደል ዘጉት። ሌ፣ ላ። ሁለት እንኳ ናት። ይኸው፣ መቁጠርም ተሳነኝ። የቃል ፈላጭ ጥበብ ሁሉ እዚህ ጋ ነው። መጥረቢያው የሚያርፈው የሚሰነጠቅ እንጨት ላይ ብቻ ነው። ጉቶ ሲያጋጥመው ሌላ ነው ይላል።

በዚህ መሃል ጎረምሳው በፎቶው ውስጥ አሁንም አፍጥጧል። ያንን ምንሽር ምን ብሎ ይጠራው እንደነበር የጠየቀ የለም። ከመሃላችን እሱን የያዘው እሱ ብቻ ነበር። ሲተኩስ፣ ሲወለውል፣ ሲተኛ ትራስጌው ሲያኖረው ምን ይለው ነበር? ልጁን ጠጋ ብዬ ጠየቅኳት። «አባዬ? ብረቴ ነበር የሚለው» አለችኝ፤ እንባዋን ጠርጋ ትንሽ ፈገግ አለች።

መሸ። ካርታው ወጣ። ሰዉ መጠጋጋት ሲጀምር ተነሳሁ። በወጉ ጎንበስ ብዬ ለቤተሰቡ «እግዚአብሔር ያጥናችሁ» አልኩና ወደ መውጫው ዞርኩ።

«ያጽናችሁ» የሚል ድምፅ ከኋላዬ መጣ። አፋቸው ንፍሮ ሞልቶታል።

ይህኛው ደግሞ ትክክል ነው። እስከ ቤቴ ድረስ እየተናደድኩ ሄድኩ።