ትናንትን በማኅተም መመለስ

ከዕድራችን ደብዳቤ ደረሰኝ። ገና ካለፈ በኋላ ነው። «ታኅሣሥ 20 ቀን በሚደረገው ጠቅላላ ስብሰባ ላይ እንዲገኙ» ይላል። ከሥሩ ሌላ ወረቀት አለ። እሱ ደግሞ «አስቀድሞ ጥሪ ተደርጎልዎት ባለመገኘትዎ» መቀጣቴን ያበስራል። ጥሪና ቅጣት በአንድ ስቴፕለር ተያይዘው መጡ ማለት ነው። ጥሪው ላይ ያረፈው ማኅተም ገና አልደረቀም፤ አውራ ጣቴን ወይን ጠጅ አድርጎት ቀረ።

ጸሐፊው ዘንድ ሄድኩ።

«ጋሼ፣ ይኼ ጥሪ እኮ ዛሬ ነው የደረሰኝ።»

«የተጻፈው መቼ ነው ይላል? እስቲ አንብበው።»

«ታኅሣሥ 12።»

«እንግዲህ!» አሉና መነጽራቸውን አወለቁ። ጉዳዩ ተዘጋ።

ለካ የሰው ልጅ ዕድሜ ልኩን ሲመኘው የኖረውን ጥበብ የኛ ሰፈር ዕድር አግኝቶታል። ስም ስላልወጣለት እኔ «ምልሰተ ዕለት» ብዬዋለሁ። ግዕዝ ሲሆን ሰው ይፈራል። አሠራሩ ቀላል ነው። መዝገቡ ላይ አንድ ገጽ ባዶ ይተዋል። የሚደረገው ነገር ይደረጋል። ከዚያ ምክንያቱ ተረጋግቶ ይታሰብና ባዶው ገጽ ላይ ይሰፍራል። በቃ፣ ልጅ አባቱን ወለደ። ስልክ ላይ «ደርሻለሁ፣ ከታክሲ ልወርድ ነው» እያለ ቤቱ ውስጥ ካልሲውን የሚፈልገውን ጓደኛዬን እዚህ ውስጥ አላስገባውም። እሱ ገና ጀማሪ ነው።

የድሮ ደብተራዎች ይኼን ቢያዩ ምን ይሉ ነበር? የክታብ ሥራ እኮ ልፋት ነው። ቆዳው ይፋቃል፣ ይቆረጣል፣ ይሰፋል። ርዝመቱ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይወጣል፣ ከራስ ፀጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ እንዲጠብቀው። ጥቁሩ ቀለም ለብቻ፣ ቀዩ ለብቻ። ከዚያ አስማቱ፣ የመላእክቱ ስም፣ ዓይኑን ያፈጠጠው ሥዕል። ይህ ሁሉ ተለፍቶ ጋኔን ለማባረር ነው። ያለፈ ማክሰኞን ለማስተካከል የደፈረ ደብተራ ግን ሰምቼ አላውቅም። ጸሐፊያችን በአንድ ሰማያዊ እስክሪብቶ ጨረሱት።

ፈረንጆቹም ቢሆኑ ተስፋ ቆርጠዋል። እንግሊዛዊው የፊዚክስ ሊቅ አርተር ኤዲንግተን እ.ኤ.አ. በ1927 ጊዜን በቀስት መስሎ፣ ወደ አንድ ወገን ብቻ እንደሚሄድ አስረዳ። ምስኪን፣ ዕድር አልገባም። (ሌላው ዓለም 2007 ላይ ሆኖ እኛ 2000 ዓ.ምን የተቀበልንበትን ቀልድ እዚህ ላይ ማስገባት ይቻል ነበር። ሁሉም ስላወራው ትቼዋለሁ።)

«ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» የሚለውን ተረት እወደዋለሁ። ሰው ሁሉ በውሻው ይስቃል። እኔ ግን አዝንለታለሁ። ፈሪ ነው፣ ዘግይቷል፣ እሺ። ግን ሁሉም እያየው፣ በይፋ ነው የዘገየው። «ጅቡ ሳይመጣ ጮኼ ነበር» ብሎ ቃለ ጉባኤ አላስያዘም። «አህያዋ አስቀድሞ ማስጠንቀቂያ ተሰጥቷት ባለመስማቷ» ብሎ አልጻፈም። ከስንቱ ሰው ይሻላል!

አንድ የቆየ ቂምም አለኝ። አንደኛ ደረጃ ስንማር አንድ መምህር ነበሩ። መጀመሪያ በጎማ ይገርፋሉ፤ ከዚያ «ምን አጥፍተህ ነው?» ብለው ይጠይቃሉ። «ምንም» ካልክ ውሸት ተጨመረ ተብሎ ይደገማል። ስለዚህ ልጁ ሁሉ ለዱላው የሚመጥን ጥፋት መፈለግ ለመደ። እኔ አንድ ቀን ጨንቆኝ «የቤተ መጻሕፍቱን መስኮት ሰብሬ ነው» አልኩ። መስኮቱ ደህና ነበር፤ ሄደው እንኳ አላዩትም። በሚቀጥለው ዓመት እውነትም ተሰበረ። ማንም አልተገረፈበትም። ቀብዱን እኔ ከፍዬ የለ!

እስከዚህ ያስቃል። አንድ የማውቀው ሰው ከሥራ ሲባረር ግን ፋይሉ ውስጥ አይቷቸው የማያውቃቸው ሦስት የማስጠንቀቂያ ደብዳቤዎች ተገኙ። የመስከረም፣ የጥቅምትና የኅዳር። ሦስቱም ላይ የፈረሙት ኃላፊው ናቸው። ኃላፊው ወደዚያ ወንበር የመጡት በታኅሣሥ ነው! ሰውዬው ቤት ኪራይ አለበት፣ ልጆች ያስተምራል። ይኼን ለማን ይንገር? «ወረቀቱ ይናገራል» ይሉታል። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል። ወረቀቱንስ እሺ፣ ውሸቱን ያስያዘውን ሰውዬ ማን ይጠይቀው? ይኼን ሌብነት ከማለት ሌላ ስም የለኝም። ከኪስ አውላቂም ይብሳል። ኪስ አውላቂ ቦርሳህን ይዞ ይሮጣል እንጂ «መጀመሪያም ቦርሳ አልነበረህም» ብሎ አይከራከርህም።

ከየት ተነሥቼ ነበር? አዎ፣ ቅጣቱ። ከፈልኩ። ዕድር አይኮረፍም፤ ድንኳኑም ወንበሩም እነሱ ጋ ነው፣ ራሱን የሚቀብር ደግሞ የለም። ደረሰኝ ስጠይቅ ጋሼ እስክሪብቷቸውን አንሥተው «ቀኑን መቼ ላድርግልህ?» አሉኝ። ታኅሣሥ 11 አልኳቸው። ሳይጠሩኝ ቀርቼ፣ ሳይጽፉልኝ ከፍዬ፣ ነጻ ሰው ሆንኩ።

ስለ ሰርግ ጥሪ ካርድም የምለው ነበረኝ፤ ግን ውሃ መጣ። የውሃው ቢል እንኳ ከመጣ ቆይቷል። ሳይሄድ ጀሪካኖቹን ላሰልፍ።