ሔለን ፊልዲንግን ከመጀመሪያ መጽሐፏ እንጀምራት

ሔለን ፊልዲንግ ሲባል ቶሎ ትዝ የምትለው ብሪጅት ጆንስ ናት፤ ለንደን ውስጥ ብቻዋን የምትኖር፣ ሠላሳዎቹ ውስጥ የገባች፣ በየቀኑ ክብደቷን እየመዘነች የምትመዘግብ ሴት። ፊልሙ በ2001 (እዚህ ያሉት ዓመቶች፣ ካልተገለጸ በቀር፣ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው) ወጥቶ ከ280 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገብቷል፤ አራተኛው ደግሞ በ2025 ሲኒማ ገብቷል። ስለዚህ ከዚህች እንግሊዛዊት ኮሜዲ ጸሐፊ አንድ ሥራ ወደ አማርኛ ልመልስ የሚል ቢነሳ እጁ የሚዘረጋው ወደ ብሪጅት ነው። እኔ ግን በ1994 የወጣው፣ ብዙም ያልተሸጠው «ኮዝ ሴሌብ» ይቅደም ባይ ነኝ። የ77ቱን ረሃብ ከካሜራው በስተጀርባ ቆሞ የሚያሳይ፣ ያውም እያሳቀ የሚያሳይ ልብ ወለድ በእጃችን የለምና።

ፊልዲንግ የተወለደችው በ1958 በሰሜን እንግሊዝ፣ ሊድስ አጠገብ በምትገኘው ሞርሊ የተባለች የጨርቃ ጨርቅ ከተማ ነው። አባቷ የሚመሩት ፋብሪካ ከቤታቸው ጎን ነበር፤ ለማዕድን ቆፋሪዎች ካፖርት የሚሆን ጨርቅ ያመርታል። ኦክስፎርድ ሥነ ጽሑፍ ስታጠና ኋላ የኮሜዲ ጸሐፊ ከሆነው ከሪቻርድ ከርቲስና ከሮዋን አትኪንሰን ጋር ተወዳጀች። (አትኪንሰን በኋላ «ሚስተር ቢን» ሆኖ የእኛንም ልጆች ያንከተከተው ሰውዬ ነው።) በ1979 ቢቢሲ ገብታ «ኔሽንዋይድ» ለተባለ የዜና ፕሮግራም መረጃ አሰባሳቢ ሆነች።

ኦክቶበር 1984 የቢቢሲው ጋዜጠኛ ማይክል በርክና የካሜራ ባለሙያው መሐመድ አሚን ከኮረም ያስተላለፉት ዘገባ እንግሊዝን አናወጠ። በ1985 ከርቲስ ኢትዮጵያ ደርሶ ተመለሰ፤ ከኮሜዲያኑ ሌኒ ሄንሪ ጋር ሆኖም «ኮሚክ ሪሊፍ» የተሰኘውን የእርዳታ ድርጅት አቋቋመ። ድርጅቱ ይፋ የሆነው በዚያው ዓመት በፈረንጆቹ ገና ዕለት፣ በእኛ ታኅሣሥ 16 ቀን 1978 ዓ.ም.፣ ምሥራቅ ሱዳን ካለው የሳፋዋ መጠለያ በሳተላይት በቀጥታ በተላለፈ ፕሮግራም ነበር። የዚያ ስርጭት ፕሮዲዩሰር ፊልዲንግ ነበረች። በዚያ አካባቢ መጠለያዎች የሰፈሩት ደግሞ ረሃብና ጦርነት ከትግራይና ከኤርትራ ያፈናቀሏቸው ሰዎች ናቸው። ለድርጅቱ የመጀመሪያዎቹ ሁለት የገንዘብ ማሰባሰቢያ ስርጭቶችም አፍሪካ እየተመላለሰች ዘጋቢ ፊልሞች ሠራች፤ በ1989 ስለ ደቡብ ሱዳን ጦርነት ለተሠራ ሌላ ዘጋቢ ፊልም መረጃ አሰባስባለች።

«ኮዝ ሴሌብ» የተጻፈው ከዚህ ነው። ሮዚ የተባለች የለንደን አሳታሚ ድርጅት ሠራተኛ፣ የቴሌቪዥን አቅራቢ ከሆነው ፍቅረኛዋ ሸሽታ «ናምቡላ» በተባለች የፈጠራ አገር «ሳፊላ» የተባለ መጠለያ ታስተዳድራለች። ሳፊላና ሳፋዋ ምን ያህል እንደሚቀራረቡ አንባቢ ይፍረድ። ድንበር ማዶ ካለችው «ኬፍቲ» የአንበጣ መንጋና አዲስ ስደት እየመጣ ነው የሚል ወሬ ይደርሳል። የእርዳታ ድርጅቶቹ ማስረጃ አምጪ ይሏታል። ማስረጃው የሚገኘው ሰው ደክሞ ድንበር ሲሻገር ነው፤ ያን ጊዜ ምስል ይነሳል፤ ምስሉ ሲታይ ገንዘብ ይዋጣል፤ ገንዘቡ እህል ይሆናል፤ እህሉ መርከብ ላይ ወጥቶ ወደብ እስኪደርስ፣ ከወደብ በካሚዮን መጠለያው እስኪገባ ሳምንታት ይነጉዳሉ። በ77ቱም የማስጠንቀቂያው ወረቀት ከፊልሙ ቀድሞ ነበር፤ ሰሚ ያገኘው ግን ፊልሙ ነው። ሮዚ ይህን ሰንሰለት ለማሳጠር ለንደን ተመልሳ የምትንቃቸውን ዝነኞች ትለማመጣለች።

የኮሜዲው ቦታ እዚህ ነው። ፊልዲንግ በስደተኛው አትስቅም፤ የምትስቀው ካሜራ ፊት የቱን ልብስ ልልበስ በሚለው ዝነኛ ነው፤ ግን ያለ እሱ ገንዘቡ እንደማይመጣ ስለምታውቅ ልትጠላውም አትችልም። ድርሰቱ ጉድለት የለበትም አልልም። የመጠለያው ሰዎች፣ ከአንድ ሁለቱ በቀር፣ ከኋላ ቆመው ይቀራሉ፤ የለንደኑ የፍቅር ጣጣም ከሚገባው በላይ ይንዛዛል። የአማርኛ ተርጓሚ ይህን ለማስተካከል ቢሞክር ግን መጽሐፉን ያበላሸዋል።

ተቺዎች ወደዱት፣ ገበያው አላወቀውም። ፊልዲንግ ካሪቢያን ላይ ያተኮረ ሁለተኛ ልብ ወለድ ጀምራ እጅ ሲያጥራት «ዘ ኢንዲፔንደንት» ጋዜጣ ስለ ራስሽ የላጤ ኑሮ ጻፊልን አላት። ገመናዬን አደባባይ አላወጣም ብላ በምትኩ አጋና የፈጠረቻትን ሴት፣ ብሪጅትን፣ አቀረበች። አምዱ ያለ ስሟ መታተም የጀመረው ፌብሩዋሪ 28 ቀን 1995 ነው። በ1996 መጽሐፍ ሆነ፤ በ1998 የብሪታንያ የዓመቱ መጽሐፍ ተባለ።

የብሪጅት ቀልድ ብዙ አስመሳይ አፍርቷል፤ አብዛኞቹ ወይኑንና ከዳተኛውን ወንድ ወስደው ሒሳቡን ረስተውታል። የመጀመሪያውን ቀን ምዝገባ እንይ። ክብደት 9 ስቶን ከ3 ፓውንድ፤ አልኮል 14 ዩኒት (እንግሊዞች የመጠጥን አልኮል የሚለኩበት መስፈሪያ)፤ ሲጋራ 22፤ ካሎሪ 5424። ከክብደቱ አጠገብ ገና ማለፉን የምታሳስብ ማስተባበያ አለች፤ ከአልኮሉ አጠገብ ደግሞ ግብዣው አዲሱን ዓመት ስለተሻገረ ቁጥሩ የሁለት ቀን ነው የምትል ሌላ። አሁን እናስላ። ክብደቱ 58 ኪሎ ተኩል ገደማ ነው፤ ወፍራም የሚያሰኝ አይደለም። 14 ዩኒት በዚያን ጊዜ የእንግሊዝ የጤና ምክር ለአንዲት ሴት ለሳምንት የፈቀደው ጣሪያ ነው፤ እሷ በሁለት ቀን ጨርሳዋለች። ሰበቡ ከቁጥሩ በፊት ቢመጣ አንባቢው ያዝንላት ነበር፤ ቁጥሩ ስለሚቀድም ይስቃል። ቁጥሩ «ብዙ ጠጣሁ» በሚል ቃል ቢተካም ቀልዱ ይሞታል።

የብሪጅትን ሚዛን ከስደተኛ መጠለያው ሚዛን ጋር ማገናኘት የእኔ ንባብ ነው፤ ግን ከባዶ አልተነሣም። በዚያ ዘመን መጠለያዎች ሕፃናት በገመድ በተንጠለጠለ ሚዛን ይመዘኑ ነበር። ለቁመቱ ከሚገባው ክብደት ከ80 በመቶ በታች የሆነ ሕፃን ተጨማሪ ምግብ ይሰጠዋል፤ ከ70 በታች የወረደው በየጥቂት ሰዓቱ እየተመገበ ወደሚታከምበት ክፍል ይገባል። አንድ ኪሎ የሕይወትና የሞት ልዩነት ከሆነበት ቦታ የተመለሰች ጸሐፊ፣ ግማሽ ኪሎ ጨመርኩ ብላ ቀኗ የሚጨልም ሴት ስትፈጥር፣ ቀልዱ ከለንደን የፋሽን መጽሔት በላይ የሚሰማው ነገር አለው። ብሪጅትን ቀላል ንባብ ነው የሚሉ ሰዎች ይህ ያመልጣቸዋል።

ስለ ሴራው ብዙ ማለት አያስፈልግም፤ ከጄን ኦስተን «ፕራይድ ኤንድ ፕረጁዲስ» መውሰዷን ራሷ አልሸሸገችም። ኩሩው ሚስተር ዳርሲ ጠበቃው ማርክ ዳርሲ ሆኗል። ከማይረባ ወንድ ጋር ኮብልላ ቤተሰቡን የምታዋርደው ታናሽ እህት እዚህ የብሪጅት እናት ናት፤ ሴትዮዋ ጁሊዮ ከተባለ ፖርቱጋላዊ አጭበርባሪ ጋር ትጠፋለች፤ ጉዱን የሚያጠራውም ማርክ ነው። አምዱ በሚወጣበት ዓመት ቢቢሲ የኦስተንን ድርሰት በተከታታይ ድራማ ሲያሳይ ዳርሲን የተጫወተው ኮሊን ፈርዝ ነበር፤ በ2001ም ማርክን የተጫወተው እሱው ነው። በ1999 በወጣው ሁለተኛው የብሪጅት መጽሐፍ እሷ ኮሊን ፈርዝን ሮም ድረስ ሄዳ ቃለ መጠይቅ ታደርግለታለች፤ ከመጽሐፉ እጅግ አስቂኙ ክፍል ነው፤ ፊልሙ ግን፣ ፈርዝ ማርክ ሆኖ እየተጫወተ ስለሆነ፣ ሊያስገባው አልቻለም።

ሱዳን ግን ከእጇ አልወጣችም። በ2003 የወጣው የስለላ ኮሜዲዋ «ኦሊቪያ ጁልስ» ከማያሚ ተነስቶ መንገዱ ሱዳን ይደርሳል፤ ከብሪጅት መጻሕፍት ጋር ሲተያይ ደካማ ነው። በ2013 የታተመው የብሪጅት መጽሐፍ «ማድ አባውት ዘ ቦይ» ሲከፈት ማርክ ሞቷል፤ የሞተውም ለሰብአዊ ሥራ በሄደበት ሱዳን ነው። አንባቢዎች እንዴት ትገድይዋለሽ ብለው ተቆጧት።

ወደ ትርጉሙ ልመለስ። «ናምቡላ»ንና «ኬፍቲ»ን ሱዳንና ትግራይ ብሎ መተካት ያጓጓል፤ አይደረግ። ፊልዲንግ ስሞቹን የፈጠረችው የትኛውንም መንግሥትም ሆነ ግንባር ሳትጠራ ሁሉንም ለመንካት ነው፤ እውነተኛ ስም ከገባ የአማርኛ አንባቢ ቀልዱን ትቶ ደራሲዋ ለማን አደላች ወደሚለው ክርክር ይገባል። የሰማንያዎቹ የለንደን ዝነኞች ቀልድ በግርጌ ማስታወሻ አይድንም፤ የሰውየው ባሕርይ ከንግግሩ እስኪታወቅ ድረስ ንግግሩን በአማርኛ የግብዣ ቤት ወግ አድርጎ መጻፍ ይሻላል። ከሁሉ የሚከብደው የመጠለያው ክፍል ነው፤ እንግሊዛዊው አንባቢ እንደ ዜና የሚያነበውን፣ የአማርኛው አንባቢ የቤተሰቡ ታሪክ ሊሆን ስለሚችል፣ ተርጓሚው ለቅሶ ጨምሬ ላድምቀው እንዳይል ያሰጋል። ደራሲዋ እዚያ ላይ አጭርና ደረቅ ናት፤ አማርኛውም ደረቅ ይሁን።