«በነጻ» የሚለው ላይ አልስማማም
ስለ ኢንተርኔት አገልግሎቶች የወጣው ጽሑፍ «ተጠቃሚው አምስት ሳንቲም ሳያወጣ አገልግሎት ያገኛል» ማለቱን ፈጽሞ አልቀበልም። ካናዳዊው ምሁር ዳላስ ስማይዝ ገና በ1977 እ.ኤ.አ. ስለ ብዙኃን መገናኛ ሲጽፍ፣ ለማስታወቂያ አስነጋሪው የሚሸጠው ሸቀጥ ታዳሚው ራሱ ነው ብሎ ነበር። አሁንማ ታዳሚነቱ ላይ ጉልበቱም ተጨምሮበታል። ሪካፕቻ የሚባለውን የድረ ገጽ ፈተና አስታውሱ፤ ሰው መሆናችንን እናረጋግጥ እየተባለ ሁለት የተጣመሙ ቃላት ያስጽፈን የነበረውን። አንደኛው መልሱ የታወቀ ነው፤ ሌላው ግን ኮምፒውተር ማንበብ ያቃተው፣ ከአሮጌ መጽሐፍ ወይም ጋዜጣ የተቆረጠ ቃል ነበር። ጎግል በ2009 እ.ኤ.አ. ገዛው፤ እኛም ሳናውቀው የአሮጌ ጽሑፎቹን ቃላት ወደ ኮምፒውተር የማስገባቱን ሥራ ሠራንለት። እኔ ራሴ ስሙን ለማልጠራው ድርጅት ማሽን ነገሮችን መለየት እንዲማር የሚሰጡት ምስሎች ላይ ምልክት ሳደርግ ቆይቻለሁ። እግረኛውን በሳጥን መክበብ፣ የያዘው ጃንጥላ ከሰውየው ጋር ይቆጠር አይቆጠር መወሰን፣ በጥላ የተሸፈነ እግር መፈለግ። ክፍያው በምስል ስለነበር፣ ቀጣዩ እስኪመጣ ስክሪን ላይ አፍጥጬ የጠበቅኩበት ሰዓት ለማንም እንደ ሥራ ሰዓት አልተቆጠረም። ስለዚህ «ማሽኑ በራሱ ተማረ» ሲባል ያመኛል። ከላይ «ካልተመቻችሁ ተዉት» ላሉት አስተያየት ሰጪ፦ የሥራ ማስታወቂያው፣ የልጅ ትምህርት ቤት መልእክት፣ የዘመድ መርዶ ሳይቀር በእነዚሁ የኢንተርኔት አገልግሎቶች በኩል የሚመጣበት ሰው በምን አቅሙ ይተወዋል?