ሳይነኩ የሚያወርዱ እጆች

የአዲስ አበባን ጫኝና አውራጅ የሚያማ ሰው ውለታ አያውቅም። እኔ ባለፈው ሳምንት ኮንዶሚኒየም ስገባ አይቻቸዋለሁ፤ ዕድሜ ይስጣቸው። አይሱዙው ገና ከግቢው በር ሳይደርስ ስምንት ሆነው ጠበቁን። አምቡላንስ ጠርታችሁ እንዲህ ፈጥኖ ደርሶላችሁ ያውቃል?

ዕቃውን ራሳችን ልናወርድ ሁለት ወንድሞቼን ይዤ ነበር። አለቃቸው ፍሪጁን አየ፣ ቁም ሣጥኑን አየ፣ እኔንም አየኝ። «4,000 ብር፣ ጋሼ።» መኪናው ከነሹፌሩ ያስከፈለኝ 2,500 ነው። «የምናወርደው እኛው ነን እኮ» ስለው አዘነልኝ። «ችግር የለም፣ አውርዱ። የኛን ብቻ ስጡን።» እንዲህ ያለ ደግነት የት ይገኛል? ተሸካሚው አንተ፣ ወገብህን የምትይዘው አንተ፣ ተከፋዩ ቆሞ ያየህ! (ላባቸውን አፍስሰው የሚሸከሙትን ማለቴ አይደለም። እነሱማ ምን ጥበብ አላቸው? ሠርተው ነው የሚበሉት።)

በሕንድ ኬረላ ለዚህ ነገር ስም ወጥቶለታል፤ «ኖኩ ኩሊ» ይሉታል፣ የማየት ደሞዝ እንደማለት። የግዛቲቱ መንግሥት በ2010 ዓ.ም. ከለከለው። ምቀኞች! እኛ ጋ ጥበቡ ገና እያደገ ነው። አሸዋ የጫነ ሲኖ ጀርባውን ቀና አድርጎ በአንድ ደቂቃ ዘርግፎ ሲሄድ እንኳ የማውረጃ ይጠየቅበታል። ሲኖው የማኅበሩ አባል ስላልሆነ መሰለኝ።

ሕግ የለም እንዳትሉ ደግሞ። ሕግማ ሞልቶናል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1149 «ሁከት ይወገድልኝ» ብለህ እንድትከስ ይፈቅድልሃል፤ ያውም ሁለት ዓመት ጊዜ ሰጥቶ። ተገደህ የገባህበት ውል ሊፈርስ እንደሚችል 1706 ይነግርሃል፤ ዕዳ ሳይኖርብህ የከፈልከውን 2164 ያስመልስልሃል። አስፈራርቶ ገንዘብ መቀበልም ወንጀል ነው። ከአንተ የሚጠበቀው ክስ ማጻፍ፣ የዳኝነት መክፈል፣ የተከሳሹን ሙሉ ስምና አድራሻ ማቅረብ ነው (ስሙን ብትጠይቀው «አቡሽ በለኝ» ይልሃል)፤ ፍርዱ እስኪመጣ ደግሞ ሶፋህን ከዝናብ የሚያስጠልል ጎረቤት መፈለግ።

ፖሊስ ጠራን። መጣ። «ተነጋግራችሁ ተስማሙ» ብሎን ሄደ።

ሰማዩ ሲጠቁር የመጨረሻ ዕድሌን ሞከርኩ። «ወንድሜ፣ ቁጥር 1149ን ታውቀዋለህ?»

አለቃው አንገቱን አቅንቶ ሕንፃውን ከታች እስከ ላይ ቃኘው። «እሱ ስንተኛ ፎቅ ነው? ከሁለተኛ በላይ ከሆነ ጭማሪ አለው፣ ጋሼ።»