ከ«እኔን!» ወደ «እኛ!»

አገር ቤት ሰው ተደናቅፎ ሲወድቅ ያየ መንገደኛ፣ የወደቀውን ሰው ባያውቀውም፣ «እኔን!» ይላል። ጉዳቱ በአንተ ከሚደርስ በእኔ ይድረስ ማለቱ ነው። የማያውቀውን ሰው ጣት ድንጋይ ስለመታው ብቻ ሕመሙን ልረከብ ብሎ በአደባባይ የሚያመለክት ሕዝብ እንዴት ሊያድግ እንደሚችል ሁልጊዜ ይገርመኛል። ደግነቱ ከዚህ ኋላ ቀር ልማድ የሚያላቅቅ ትምህርት ቤት አለ። እሑድ እሑድ በአሜሪካ ሳሎኖች ውስጥ ይከፈታል፤ ምዝገባም ፈተናም የለውም፤ የሚጠይቀው ሶፋ፣ ቴሌቪዥንና የማይሰልል ጉሮሮ ብቻ ነው።

እኔም ባለፈው የጨዋታ ወቅት ትምህርቱን የመከታተል ዕድል ገጥሞኝ ነበር። ሳንዲያጎ ውስጥ ከሃያ ዓመት በላይ የኖሩ፣ ሁላችንም «ጋሼ» የምንላቸው ሰው የአሜሪካ ፉትቦል እንድናይ ቤታቸው ጠሩን። ጋሼ 55 ቁጥር የተጻፈበትን ማሊያ ከሸሚዛቸው በላይ ደርበው፣ በአዋዜ የተለወሰ የዶሮ ክንፍ በትሪ አቅርበው፣ ከሶፋው መካከል ተሰይመዋል። አንዱ ተከላካይ፣ ኳስ ሊቀበል ወደ ላይ የተንጠራራውን ልጅ ደረቱ ላይ ገብቶ ሲያነጥፈው ከመቀመጫቸው ተፈናጥረው ተነሡና «መታነው! አነጠፍነው!» አሉ። ረከቦት ያሰናዱ የነበሩት ባለቤታቸው ግን ሲኒውን በእጃቸው እንደያዙ «እኔን! ውይ፣ የእናቱ ልጅ!» ሲሉ ተሰሙ። ሁላችንም በሳቅ ፈነዳን። ጋሼ ወደ እኔ ዘወር ብለው «አትፍረድባት፤ ጨዋታው አይገባትም» አሉኝ። ልጁ ሲነጠፍ የሚያሳየውን ምስል እያዘገሙ አራት ጊዜ ደገሙልን፤ የክንፉም ትሪ ከእጅ ወደ እጅ ዞረ።

«መታነው» የሚለው ግስ ሊደነቅ ይገባዋል። የሰዋስው መምህሮቻችን እንዳስተማሩን አድራጊው አንደኛ መደብ፣ ብዙ ቁጥር ነው፤ እንግዲህ ጋሼ፣ እኔና የተቀረው እንግዳ በአንድነት ሮጠን፣ በአንድነት ዘለን፣ በአንድነት መትተናል ማለት ነው። የድሮ ፎካሪ «ዘራፍ!» ለማለት መጀመሪያ መዝመት፣ ከዘመተም በሕይወት መመለስ ነበረበት፤ ግዳዩን ሳያሳይ ቢፎክር የመንደር መሳቂያ ይሆናል። የዘመኑ ተመልካች ዘመቻውን ለሌላ ሰው ትቶ ፉከራውን ብቻ ወስዷል፤ የእባብ ጉድጓድ በሰው እጅ ይለካል የሚባለው ይህ ጥበብ ነው። ከሁሉ የረቀቀው ደግሞ መደቡን የሚለውጥበት ፍጥነት ነው። «መታን፣ ጣልን፣ አሸነፍን» ሲል የቆየው ሰው ቡድኑ ሲረታ «ተሸነፉ» ይላል፤ ተጫዋቹ ሲጎዳ ደግሞ ብዙ ቁጥሩም ይቀርና «ጉልበቱ ተበጠሰ» ይሆናል። ጉልበታችን ተበጠሰ ያለ ተመልካች እስከ ዛሬ አልገጠመኝም።

ላይንባከር የሚባለው ተጫዋች ለዚህ ሰዋስው የተፈጠረ ይመስላል። ከአሥራ አንዱ ተከላካዮች መካከል፣ ከፊት ከተደረደሩት ግዙፎች ጥቂት እርምጃ ወደ ኋላ ይቆማል፤ የተቃራኒውን አሰላለፍ ያነብባል፣ ጓደኞቹን በጩኸት ያሰልፋል፣ ኳሱ እንደተነሣም አቅጣጫውን ገምቶ በሙሉ ሩጫ ሄዶ ይጋጫል። ኳስ የያዘው ሰው መሬት እስኪነካ ድረስ ሥራው አያልቅም፤ ከነካም በኋላ አንድ ደቂቃ ሳይሞላ እንደገና ይጀመራል። የራስ ቁሩ የራስ ቅሉ እንዳይሰነጠቅ በሚገባ ይጠብቀዋል። አንጎል ግን በራስ ቅል ውስጥ በፈሳሽ የተከበበ ለስላሳ ነገር ስለሆነ፣ የሰውየው ገላ ድንገት ሲቆም እርሱ አብሮ አይቆምም፤ ወደ ፊት ተወርውሮ ይመለሳል። ይህን የሚያስቀር የራስ ቁር እስካሁን አልተሠራም። ቢሆንም እስከ እ.ኤ.አ. 2017 የሳንዲያጎ በነበረው ቡድን፣ በቻርጀርስ የራስ ቁር ላይ የተሳለው መብረቅ በጣም ያምራል።

የጋሼ ማሊያ ዋና ባለቤት ጁኒየር ሴያው ነው። እ.ኤ.አ. በ1969 ሳንዲያጎ ውስጥ ከሳሞአ ከመጡ ወላጆች ተወልዶ፣ ልጅነቱን በከፊል በአሜሪካ ሳሞአ አሳልፎ፣ እንግሊዝኛ የተማረው ሰባት ዓመት ከሞላው በኋላ ነው። ኦሽንሳይድ በምትባለው የባሕር ዳር ከተማ፣ ቤቱ ጠብቦ፣ ከወንድሞቹ ጋር በመኪና ማደሪያው ክፍል እየተኛ አደገ። ከሳውዘርን ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ በ1990 ሲወጣ የትውልድ ከተማው ቡድን ቻርጀርስ በዓመቱ ምልመላ አምስተኛው ተመራጭ አድርጎ ወሰደው። ከ1991 ጀምሮ 12 ዓመት ሳያቋርጥ ለኮከቦቹ ጨዋታ፣ ለፕሮ ቦውል ተመረጠ። ላገኘው ሰው ሁሉ «ባዲ» (ወዳጄ) ማለትን ያዘወተረ፣ በስሙ ባቋቋመው ድርጅት ልጆችን የረዳ፣ ሰው የሚወድ ሰው ነበር። ኳርተርባክ የሚባለውን ኳስ ወርዋሪ በጣለ ቁጥር እጁን እያወናጨፈ የሚጨፍራት ጭፈራም ነበረችው፤ እርሷን ሶፋ ላይ ሆኖ መጨፈር ስለሚቻል ተመልካቹ ከሥራው ሁሉ ፈጥኖ የተማረው ይህችኑ ነው።

ሴያው ዘላለማዊ ክብር ካገኘባቸው ቀኖች አንዱ በጥር 1995 ፒትስበርግ ላይ የተደረገው የምድቡ ፍጻሜ ነው። አንገቱ ላይ ነርቭ ተጫጭኖት፣ ክንዱ እየደነዘዘ፣ 16 ጊዜ ሰው ጥሎ ቡድኑ 17 ለ 13 አሸነፈ፤ ቻርጀርስም በታሪኩ ለመጀመሪያ ጊዜ የዓመቱ የዋንጫ ፍጻሜ ወደሆነው ሱፐር ቦውል ገባ። ተመልካቹ በዚያን ቀን ያሳየውን ጽናት ማንሳት ይገባል። የሰውየው ክንድ ሲደነዝዝ የተመልካቹ ክንድ ፈጽሞ አልደነዘዘም፤ ብርጭቆውን እስከ መጨረሻው ደቂቃ ከፍ አድርጎ ይዞ፣ «አለፍን!» ብሏል። ከሁለት ሳምንት በኋላ ሳን ፍራንሲስኮ 49 ለ 26 ሲያሸንፋቸው ግን የተሸነፉት እነርሱ ናቸው።

በነሐሴ 2006 ሴያው በቃኝ አለ። ጡረታ መውጣት እንዳይባልበትም «መመረቅ» ብሎ ሰየመው። ከአራት ቀን በኋላ ኒው ኢንግላንድ ፓትሪዮትስ የተባለውን ቡድን ተቀላቀለ፤ ሕዝቡም «ወንድ ማለት ይህ ነው» አለ። በዚያው የውድድር ዓመት ክንዱ ተሰበረ፤ ድኖ ተመለሰ። በተከታዩ ዓመት ቡድኑ የመደበኛ ውድድሩን 16 ጨዋታ ሁሉ አሸንፎ ሲያበቃ በሱፐር ቦውሉ በኒው ዮርክ ጃያንትስ 17 ለ 14 ተረታ። ሰውየው በመጨረሻ በ2010 ሲያርፍ 20 የውድድር ዓመት ሞልቶታል። በእነዚህ ሃያ ዓመታት ውስጥ ከቡድኖቹ በኩል በይፋ የተነገረለት አንድም የአንጎል መናወጥ አልነበረም። ሃያ ዓመት ሙሉ በጭንቅላቱ እየቀደመ ሲጋጭ የኖረ ሰው መዝገቡ እንደ ሕፃን ንጹሕ መሆኑ የመዝጋቢዎቹን ትጋት ያሳያል እንጂ ሌላ ምን ሊያሳይ ይችላል? የቀድሞ ባለቤቱ ይመታ እንደነበረና እንደገና ተነሥቶ ይጫወት እንደነበረ በኋላ ተናግራለች፤ ግን እርሷም እንደ ጋሼ ባለቤት ጨዋታው አልገባት ይሆናል።

ይህ ትጋት ብቻውን አልበቀለም። የፉትቦሉ ሊግ፣ ኤን.ኤፍ.ኤል.፣ በ1994 የአንጎል ጉዳት አጥኚ ኮሚቴ ሲያቋቁም ሰብሳቢነቱን ለመገጣጠሚያ ሕመም ሐኪም ሰጠ። አንዳንድ ምቀኛ «የአንጎል ሐኪም ጠፍቶ ነው?» ሊል ይችላል፤ ግን አንገትም መገጣጠሚያ ነው፤ አንጎልም ከአንገት ሩቅ አይደለም። ናይጄሪያ የተወለደው የአስከሬን መርማሪ ቤኔት ኦማሉ በ2002 የቀድሞውን የፒትስበርግ ተጫዋች የማይክ ዌብስተርን አንጎል መርምሮ፣ ተደጋጋሚ ምት የሚያመጣውን ሲ.ቲ.ኢ. የተባለ የአንጎል መሸርሸር አገኘ። በ2005 በሕክምና መጽሔት ሲያሳትመው የኮሚቴው ሐኪሞች ጽሑፉ እንዲሰረዝ ጠየቁ። በእነዚያው ዓመታት አንድ የቴሌቪዥን ጣቢያ ከሰኞ ማታው ጨዋታ በፊት የሳምንቱን አምስት ከባድ ግጭቶች ደርድሮ ያሳይ ነበር፤ አቅራቢዎቹም እያንዳንዱን ምት በኅብረት ጩኸት ያጅቡት ነበር። ሐኪሞቹ የሌለ ያሉትን ነገር ተመልካቹ በየሳምንቱ ከአንድ እስከ አምስት ደረጃ ሰጥቶ ይቆጥረው ነበር ማለት ነው። የሊጉ ከፍተኛ ባለሥልጣን ፉትቦልና ሲ.ቲ.ኢ. ግንኙነት እንዳላቸው ለአሜሪካ ምክር ቤት አባላት ያመነው በመጋቢት 2016 ነው። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ የሚሉ ሰዎች የውሻውን ድምፅ ጥራት አላስተዋሉም።

ሴያው ይህን የእምነት ቃል አልሰማም። እ.ኤ.አ. በግንቦት (ሜይ) 2 ቀን 2012፣ በ43 ዓመቱ፣ ኦሽንሳይድ በሚገኘው ቤቱ የራሱን ሕይወት አጠፋ። ቤተሰቡ አንጎሉን ለምርመራ ሰጠ፤ በጥር 2013 የአሜሪካ ብሔራዊ የጤና ተቋማት የምርመራ ውጤት ሲ.ቲ.ኢ. እንደነበረበት ገለጸ። ሰው ካልሞተ ወይም ካልራቀ አይመሰገንም ይባላልና፣ ምስጋናው እንደ ጎርፍ ወረደ። በሺህ የሚቆጠር ሰው ስታዲየም ገብቶ አለቀሰለት፤ በመስከረም 2012 ቡድኑ 55 ቁጥርን ማንም ዳግመኛ እንዳይለብሰው አሳረፈው። ሜዳ ላይ ማለት ነው፤ ሱቅ ውስጥማ ቁጥሩ ያለ ዕረፍት ይሠራል፤ የጋሼ ማሊያም ከዚያ በኋላ የተገዛ ነው።

በነሐሴ 2015 በካንተን፣ ኦሃዮ በሚገኘው የፉትቦል የዝና አዳራሽ ስሙ ሲሰፍር ደንብ የማክበር ባህል በሙሉ ክብሩ ታየ። በሕይወት ያሉት ተሸላሚዎች ለየራሳቸው ንግግር ያደርጋሉ። እርሱ ልጄ ትናገርልኝ የሚል ፍላጎት እንደነበረው ቤተሰቡ ቢገልጽም፣ ለሟች ተሸላሚዎች ንግግር እንዳይደረግ የሚከለክል አሠራር ስለነበረ የሴት ልጁ ሙሉ ንግግር በቪዲዮና በአጭር ቃለ ምልልስ ተተካ። እኔ በበኩሌ ውሳኔው ይገባኛል። ልጅ ስለ አባቷ ማውራት ከጀመረች የት እንደምታቆም አይታወቅም፤ ለሚቀጥለው ጨዋታ ማሟሟቂያ የተሰበሰበ ሕዝብ ደግሞ «አባቴ» የሚለውን ቃል ከሰማ በኋላ «መታነው» የሚለው ግስ ጉሮሮው ላይ ሊቀርበት ይችላል።

ስለ ገንዘቡም አንድ ነገር ልበል። ሊጉ በ2013 ለቀድሞ ተጫዋቾች 765 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማማ፤ ጣሪያውም በኋላ ተነሣ። የሴያው ቤተሰብ ከስምምነቱ ወጥቶ በራሱ ከሰሰና በኋላ በዕርቅ ጨረሰ። ክፍያውን ለማስላት በተጫዋቾች ላይ የተደረገው የማሰብና የማስታወስ ፈተና ግን አንድ የምርምር ውጤት ነበረው፤ ጥቁር ሰው ሲጀመርም ዝቅ ያለ ነጥብ ያገኛል ተብሎ ስለሚታሰብ፣ ጥቁሩ ተጫዋች ጉዳት ደረሰበት ለመባል ከነጩ የባሰ መውደቅ ነበረበት። ሊጉ ይህን ስሌት እንደሚተው ያስታወቀው በ2021 ነው። ሜዳ ላይ ሲጋጩ ጥንካሬያቸው ከማንም በላይ ነው ተብለው የተወደሱት ሰዎች፣ ካሳ ሊቀበሉ ሲሰለፉ አንጎላቸው መጀመሪያም ያን ያህል አልነበረም መባላቸው፣ ምስጋናን በቦታው የማስቀመጥ ችሎታ ነው።

ይህንን ሁሉ ለጋሼ በየማስታወቂያው መካከል ባነሣባቸው የተመልካቹን የመጨረሻ ትጥቅ አሳዩኝ። የቦስተን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በ2017 ባሳተሙት ጥናት የኤን.ኤፍ.ኤል. ተጫዋቾች ከነበሩ 111 ሰዎች አንጎል 110 ላይ ሲ.ቲ.ኢ. መገኘቱን ነገርኳቸው። ጋሼ የዶሮ አጥንቱን በእርጋታ አስቀምጠው፣ «እነዚያ እኮ ቤተሰብ ተጠራጥሮ የለገሳቸው አንጎሎች ናቸው፤ ለሁሉም ተጫዋች አይሆንም» አሉኝ። እውነታቸውን ነው፤ ተመራማሪዎቹም ይህንኑ ብለዋል። ጋሼ ሎተሪ በየሳምንቱ የሚቆርጡ፣ ዝናብ ሲቀር የሜትሮሎጂ ትንበያን የሚሳደቡ ሰው ናቸው፤ በስታትስቲክስ ላይ እንዲህ ያለ ጥንቃቄ ሲያድርባቸው ያየሁት በዚያች ደቂቃ ብቻ ነው።

ቡናው ሁለተኛው ላይ ሲደርስ ያ ቅድም የተነጠፈው ልጅ በትንሽ መኪና ተጭኖ ሲወጣ አውራ ጣቱን ወደ ላይ ቀሰረና ስታዲየሙ በጭብጨባ ተናጋ፤ እኛም አጨበጨብን። እኔን ጨምሮ። የጋሼ የመጨረሻ ልጅ በዚህ መካከል ፈንዲሻ በሣሕን ይዞ ከጓዳ ብቅ አለ። የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ነው፤ ትከሻው ሰፊ፣ ቁመቱ ከእኔ የሚበልጥ።

«ጋሼ፣ ይሄ እኮ ላይንባከር ነው፤ አይጫወትም?» አልኳቸው።

«የእኔ ልጅ?» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ የማይባል ነገር እንደተናገርኩ ሁሉ። «የእኔ ልጅ ዋና ነው የሚማረው።»

ልጁ ምንጣፉ ጫፍ ሲደርስ እግሩ ተጠልፎ ተንገዳገደና በአንድ ጉልበቱ ወደቀ፤ ፈንዲሻው ቤቱን ሞላው። ጋሼ ከነማሊያቸው ከሶፋው ተፈናጥረው ተነሡ።

«እኔን!» አሉ።